አሞርታይዜሽን፦ ዕዳው በእርግጥ የሚጎድለው መቼ ነው?

ኮዬ ፈጬ ላይ የኮንዶሚኒየም ዕጣ ለወጣለት ሰው ከዘመድ ከወዳጅ የሚቀርብለት ጥያቄ አንድ ነው፤ «ለባንክ በወር ስንት ትከፍላለህ?» በጥያቄው አይፈረድም። ደመወዝ የሚገባው በወር ነው፤ አስቤዛውም፣ የልጅ ትምህርት ቤቱም፣ የታክሲውም የሚታሰበው በወር ነው። ነገር ግን የወር ክፍያው ቤቱ በስተመጨረሻ ስንት እንደሚፈጅ አይናገርም። ይህን የሚናገር ሠንጠረዥ ባንኩ ዘንድ አለ፤ ተበዳሪው ብዙ ጊዜ አይጠይቀውም እንጂ። የሠንጠረዡ አሠራር አሞርታይዜሽን ይባላል።

ቃሉ ወደ እንግሊዝኛው የገባው ከፈረንሳይኛ ሲሆን ሥሩ ላቲን ነው፤ ዕዳን ቀስ በቀስ መግደል እንደ ማለት ነው። ሒሳብ ሠራተኞች በሌላም ትርጉም ያውቁታል፤ እንደ ፈቃድና የፈጠራ መብት ያለ የማይዳሰስ ሀብትን ዋጋ በዓመታት ከፋፍሎ ወጪ መመዝገብንም አሞርታይዜሽን ይሉታል። ያንን እዚህ እንተወው። ለብድሩ «የመክፈያ ሠንጠረዥ» የሚል አጠራር አለ፤ ስሕተት ባይሆንም ዋናውን ነገር ያስቀራል። ሰው ብዙ ከፍሎ ጥቂት ሊያጎድል ይችላልና። ስለዚህ አሞርታይዜሽንን «ዕዳ ማጉደል»፣ ወረቀቱንም «የዕዳ ማጉደያ ሠንጠረዥ» ብንለው ይሻላል ባይ ነኝ። ትርጉሙም ይህ ነው፦ በየወሩ እኩል ገንዘብ ይከፈላል፤ ከክፍያው ላይ መጀመሪያ የወሩ ወለድ ይነሣል፤ የተረፈው ዋናውን ያጎድላል፤ በውሉ የመጨረሻ ወር ዕዳው ባዶ ይሆናል።

በቁጥር እንየው። ለሒሳብ እንዲመች 1 ሚሊዮን ብር፣ በዓመት 10 በመቶ ወለድ፣ ለ20 ዓመት ተበደርን እንበል። የወሩ ክፍያ 9,650 ብር ይመጣል። በመጀመሪያው ወር ከዚህ ውስጥ 8,333 ብሩ ወለድ ነው። ዋናውን የሚያጎድለው 1,317 ብር ብቻ ነው። በሁለተኛው ወር ወለዱ በ11 ብር ይቀንሳል፤ ያች 11 ብር ወደ ዋናው ትዞራለች። እንዲህ እያለ ይሄዳል። ከወሩ ክፍያ ውስጥ የዋናው ድርሻ ከወለዱ የሚበልጠው ከ13 ዓመት በኋላ ነው። ሚሊዮኑ ተጋምሶ ግማሽ ሚሊዮን የሚሆነው ደግሞ 14 ዓመት ከ4 ወር ያህል ሲከፈል ነው። 20 ዓመቱ ሲያልቅ የተከፈለው በድምሩ 2,316,000 ብር ገደማ ይሆናል። «10 በመቶ» የተባለው ወለድ ብቻውን ከ1.3 ሚሊዮን ብር በላይ ሆነ ማለት ነው።

አሁን አንዲት እናት አምስት ዓመት ሳያጓድሉ ከፍለው ቀሪ ዕዳቸውን ለማወቅ ባንክ ሄዱ እንበል።

«ልጄ፣ ስንት ቀረኝ?»

«898 ሺህ ብር ነው እማማ።»

«እንዴት ሆኖ! እስካሁን 579 ሺህ ብር ከፍያለሁ እኮ። ደረሰኙ ሁሉ አለ።»

«ልክ ነው፤ ገብቷል። 477 ሺው ለወለድ ሄዶ ነው። ዋናው የጎደለው በ102 ሺህ ነው።»

ይህን ሰምቶ ተጭበረበርኩ ብሎ የሚወጣ ሰው ብዙ ነው። ማንም አላጭበረበረም። ወለድ የሚሰላው ገና ባልተመለሰው ገንዘብ ላይ ነው፤ መጀመሪያ ላይ ያልተመለሰው ብዙ ስለሆነ ወለዱም ብዙ ነው። የሚያሳስተን የዕቁብ ልማዳችን ይመስለኛል። በ20 ወር ዕቁብ ቀድሞ የደረሰው ሰው 5 ወር ሲጥል ሩብ ዕዳውን ጨርሷል፤ 10 ወር ሲጥል ግማሹን። በባንክ ብድር ግን የዘመኑ ሩብ አልፎ የዕዳው አሥር በመቶ ብቻ ነው የሚጎድለው።

እንዲያም ሆኖ ይህ አከፋፈል የመጣው ተበዳሪውን ለመጥቀም ነበር። በአሜሪካ እ.ኤ.አ. ከ1930ዎቹ በፊት የቤት ብድር ብዙውን ጊዜ ከ10 ዓመት በታች የሆነ፣ በየጊዜው ወለዱ እየተከፈለ ዋናው በመጨረሻ በአንድ ጊዜ የሚጠየቅበት ነበር። ታላቁ የኢኮኖሚ ድቀት ሲመጣ ያን ዋና የሚከፍልም የሚያድስም ጠፋ፤ ብዙ ሰው ቤቱን አጣ። እ.ኤ.አ. በ1934 የፌዴራል ቤቶች አስተዳደር ተቋቁሞ ዋናና ወለዱ በረጅም ጊዜ አብሮ የሚያልቅበትን ብድር አስፋፋ። ከዚያም እ.ኤ.አ. በ1968 የወጣ ሕግ አበዳሪ ትክክለኛውን የብድር ዋጋ ለተበዳሪ በጽሑፍ እንዲያሳውቅ አስገደደ።

በእኛ አገር የቤት ብድር ታሪክ አጭር አይደለም፤ የቆረፈደ ነው ብል ይቀላል። የደርጉ የቤቶችና ቁጠባ ባንክ በኋላ የኮንስትራክሽንና ቢዝነስ ባንክ ሆነ፤ እሱም በ2008 ዓ.ም. ወደ ኢትዮጵያ ንግድ ባንክ ተጠቃለለ። ለቤት ብድር ብሎ የተነሣው ጎህ ቤቶች ባንክ ሥራ የጀመረው በ2014 ዓ.ም. ነው። በዚህ መሐል ለአብዛኛው የአዲስ አበባ ነዋሪ የቤት ብድር ማለት ኮንዶሚኒየም ነበር፤ አሁንም ነው። 10/90፣ 20/80፣ 40/60 የሚሉት ስሞች ራሳቸው የብድር ቋንቋ ናቸው፦ የመጀመሪያው ቁጥር ቆጣቢው የሚያዋጣው፣ ሁለተኛው ንግድ ባንክ የሚያበድረው ድርሻ ነው። የ20/80 ሰው ከ40/60ው ያነሰ አዋጥቶ ይገባል፤ ዕዳው ግን የቤቱ ዋጋ አራት አምስተኛ ነው። ዕድል የሚመስለው ትንሽ ቅድመ ክፍያ በማጉደያው ሠንጠረዥ ላይ ረጅም ወለድ ሆኖ ይመለሳል።

የብድሩን ዋጋ ከሁሉ በላይ የሚወስነው ጊዜው ነው። ያንኑ ሚሊዮን በ15 ዓመት ብንከፍለው የወሩ ክፍያ ወደ 10,746 ብር ከፍ ይላል፤ በወር 1,096 ብር መጨመር ማለት ነው። ከጠቅላላ ወለዱ ግን 382 ሺህ ብር ገደማ ይቀንሳል። ወለዱ በ20 ዓመቱ ውል ከ10 ወደ 13 በመቶ ቢወጣ ደግሞ የወሩ ክፍያ ከ11,700 ብር ይበልጣል። ስለዚህ በውሉ ውስጥ ባንኩ የወለድ መጠኑን መለወጥ ይችላል የሚል አንቀጽ መኖር አለመኖሩ የመጀመሪያው ንባብ መሆን አለበት።

ዳያስፖራው ዘመድ የሚልካት፣ ወይም ዕቁብ ሲወጣ የምትገኝ አንድ ዳጎስ ያለች ገንዘብስ? በምሳሌአችን ከአንደኛው ዓመት መጨረሻ 50,000 ብር ተጨማሪ ቢገባና የወር ክፍያው ባይነካ ብድሩ በ30 ወር ያጥራል፤ የሚተርፈው ወለድ ወደ 243 ሺህ ብር ነው። ያችው 50,000 ብር በ15ኛው ዓመት መጨረሻ ብትገባ ግን የምታሳጥረው 8 ወር ያህል፣ የምታተርፈውም 30 ሺህ ብር ገደማ ብቻ ነው። ገንዘቡን ሲያስገቡ «ከዋናው ላይ ይቀነስልኝ» ብሎ በጽሑፍ መጠየቅ ያስፈልጋል፤ ለሚቀጥሉት ወራት ቅድመ ክፍያ ሆኖ ከተያዘ ይህ ሁሉ ጥቅም ይቀራል። ቀድሞ መክፈል ቅጣት እንዳለውና እንደሌለውም ከውሉ ማየት ነው።

እዚህ ላይ «ታዲያ ሁሉንም ትቶ ብድሩን ቶሎ መገላገል ነዋ!» የሚል አንባቢ ይኖራል። በእኛ አገር ነገሩ እንዲያ አይቀልም፤ የዋጋ ንረት አለ። በ2014 ዓ.ም. አጠቃላይ የዋጋ ንረቱ ከ30 በመቶ በላይ ነበር። ለቆጣቢ የሚከፈለው ዝቅተኛ የባንክ ወለድ ደግሞ ከጥቅምት 2010 ዓ.ም. ጀምሮ 7 በመቶ ነበር። በዚህ የተነሣ ዕጣ እየጠበቀ ለዓመታት የቆጠበው ሰው ገንዘቡ እጁ ላይ እየሟሸሸ ቆየ፤ ቤቱ ደርሶት የተበደረው ግን ዕዳው ራሱ ሟሸሸለት። ዋጋ በዓመት 15 በመቶ እየጨመረ ቢሄድ የ9,650 ብሩ ክፍያ በአምስት ዓመት ውስጥ የመግዛት አቅሙ ዛሬ 4,800 ብር ገደማ የሚገዛውን ያህል ይሆናል። በቋሚ ወለድ የተበደረ ሰው በዚህ ይጠቀማል።

ይጠቀማል ስል ግን ደመወዙ አብሮ የጨመረለትን ነው። ደመወዙ ባለበት ለቆመ የመንግሥት ሠራተኛ የዘይትና የጤፍ ዋጋ ወጥቶ የባንኩ ክፍያ ባለበት ቢቀር ምን ዓይነት እፎይታ ነው? የረጅም ብድር ከባዱ ዘመን የመጀመሪያዎቹ ዓመታት ናቸው። ክፍያው ከገቢው ጋር ሲነጻጸር ትልቅ ነው፤ ዋናውም ገና አልተነካም። ጥሬ ገንዘብ ያለው ሰው ተጨማሪ መክፈሉ ይሻለዋል ወይስ ሥራ ላይ ማዋሉ የሚለው ክርክር የሚነሣው ከዚህ ነው። እኔ የማደላው የሦስት ወር ክፍያ መጠባበቂያ አስቀምጦ የተረፈውን ለሚያውቁት ሥራ ማዋል፣ የሚያውቁት ሥራ ከሌለ ግን ከዋናው ላይ ማስቀነስ ወደሚለው ነው። ባንክ ቤት በ7 በመቶ አስቀምጦ በ10 በመቶ ዕዳ መክፈል የማንንም ኪስ አይሞላም።

ከሠንጠረዡ ውጭ የሚቀር ወጪም አለ፤ ኮዬ ፈጬም ይህን በደንብ ያሳያል። የካቲት 27 ቀን 2011 ዓ.ም. ለ51,229 የ20/80 እና የ40/60 ቤቶች ዕጣ ሲወጣ ኮዬ ፈጬ ከሳይቶቹ አንዱ ነበር። በአዲስ አበባና በኦሮሚያ ወሰን ጥያቄ ተቃውሞ ተነሥቶ ርክክቡ ዘገየ። ለዕድለኛው መዘግየት ማለት ኪራይ ማለት ነው። በወር 5,000 ብር የሚከራይ ሰው ሁለት ዓመት ሲጠብቅ 120,000 ብር ይወጣዋል፤ ይህ ከየትኛውም የባንክ ወረቀት ላይ አይገኝም። ቁልፉን ሲረከብ ደግሞ ሌላ ሒሳብ ይጠብቀዋል፦ ሴራሚኩ፣ የውስጥ በሩ፣ የኪችን ካቢኔቱ፣ የመታጠቢያ ቤቱ ዕቃ፣ ቀለሙ። ሐምሌ 22 ቀን 2016 ዓ.ም. የብር ምንዛሪ በገበያ እንዲወሰን ከተደረገ ወዲህ ከውጭ የሚገባው የማጠናቀቂያ ዕቃ ዋጋ የት እንደደረሰ ገዝቶ ያየ ያውቀዋል። ብዙዎች ለዚህ ሁለተኛ ብድር ይገባሉ፤ ከመሥሪያ ቤት ቁጠባና ብድር ማኅበር፣ ከዘመድ፣ ከዕቁብ። ከዚያ የጥበቃው፣ የውሃ ፓምፑና የግቢ ጽዳቱ መዋጮ ይመጣል። ሥራው መገናኛ ወይም ፒያሳ ለሆነ ሰው ደግሞ በየቀኑ ሁለት ሦስት ታክሲ አለ። ለአንድ ሰው በቀን 60 ብር ትራንስፖርት ብንይዝ በወር 26 የሥራ ቀን 1,560 ብር ነው፤ በመጀመሪያው ወር ዋናውን ካጎደለችው 1,317 ብር ይበልጣል።

ቤቱን አከራይቶ በኪራዩ ዕዳውን እከፍላለሁ የሚልም ሒሳቡን ደግሞ ይሥራ። የመኖሪያ ቤት ኪራይ ቁጥጥርና አስተዳደር አዋጅ ቁጥር 1320/2016 ከወጣ ወዲህ ኪራይን እንደፈለጉ መጨመር አይቻልም።

በወለድ አልባ አገልግሎት ለሚገዛ ሰው ነገሩ ሌላ መልክ አለው። በሙራባሃ ውል ባንኩ ንብረቱን ገዝቶ ትርፉን ጨምሮ ለደንበኛው ይሸጣል፤ ጠቅላላው ዋጋ ከመጀመሪያው ቀን ጀምሮ በውሉ ላይ ይጻፋል። ይህ የግድ ርካሽ ነው ማለት አይደለም። የትርፉ መጠን ከወለዱ ጋር ሊቀራረብ ይችላል። ነገር ግን ገዢው «ቤቱ በስተመጨረሻ ስንት ይፈጅብኛል?» ለሚለው ጥያቄ መልሱን ሳይፈርም ያገኛል። የወለዱም ተበዳሪ ይህን መልስ ማግኘት ይችላል። ሠንጠረዡን አሳትሞ የመጨረሻውን መሥመር ድምር ማየት ነው።

ክፍያ ሲቋረጥ ምን እንደሚመጣም አብሮ ይታወቅ። በባንክ በመያዣ ስለተያዘ ንብረት በወጣው አዋጅ ቁጥር 97/1990 መሠረት ባንኩ ቢያንስ የ30 ቀን ማስጠንቀቂያ በጽሑፍ ሰጥቶ፣ ፍርድ ቤት መሄድ ሳያስፈልገው መያዣውን በሐራጅ ሊሸጥ ይችላል። መክፈል ያቃተው ሰው ማስጠንቀቂያው እስኪደርሰው ሳይጠብቅ ቀድሞ ባንኩ ጋ ቀርቦ የብድሩ ጊዜ እንዲራዘምለት ቢጠይቅ ይሻለዋል፤ በሠንጠረዡ ላይ ወለዱ ቢጨምርም ቤቱ ይተርፋል።

ዕዳው አልቆ የመጨረሻው ደረሰኝ ሲቆረጥም ሥራው አላለቀም። ካርታው ላይ የተመዘገበው የባንክ ዕገዳ በራሱ አይነሣም። ዕዳው ተከፍሎ ማለቁን የሚገልጽ ደብዳቤ ከባንኩ ተቀብሎ ለይዞታ ምዝገባው መሥሪያ ቤት ማድረስና ዕገዳው መነሣቱን በጽሑፍ መያዝ ያስፈልጋል።