ሣጥኑን ወርሶ ቁልፉን ያጣ ልጅ፦ የፕራይቬት፣ የፐብሊክና የፕሮቴክትድ ታሪክ

እ.ኤ.አ. በ1946 ሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤት ሆኖ የተከፈተው የዊንጌት ግቢ ዛሬ ፖሊ ቴክኒክ ኮሌጅ ነው። ስሙ ተወርሷል፣ ሥራው ተለውጧል። ፕሮግራመሮች ውርስ የሚሉትም ይህንኑ ነው፤ ልጅ ክላስ የወላጁን ይዞ የራሱን ይጨምራል፣ ያሻውን ይለውጣል። ግን ከወላጁ ዕቃ የትኛውን መንካት ይችላል?

ውርስን ለፕሮግራሚንግ ያስተዋወቁት ኖርዌያውያኑ ዳልና ኒጎርድ በሲሙላ 67 ይህን ጥያቄ አልመለሱም። በሩ ሁሉ ክፍት ነበር፤ መከለያ የተጨመረው በ1970ዎቹ መጀመሪያ ነው። ዴንማርካዊው ስትሩስትሩፕ በ1979 በቤል ላብስ ኋላ ሲ ፕላስ ፕላስ የተባለውን ሲጀምር ግን ፐብሊክና ፕራይቬትን ለየ።

እስቲ የጉለሌን የድሮ ቤት አስቡት። ፐብሊክ ሳሎኑ ነው፣ እንግዳም ይገባል። ፕራይቬት አባት ቁልፉን በኪሱ ይዞ የሚዞረው ሣጥን ነው። ልጅ ቤቱን ሲወርስ ሣጥኑም አብሮ ይመጣል፣ ቁልፉ ግን አይመጣም። ጓዳውስ?

ጓዳውን የጠየቀው ማርክ ሊንተን ነው። በስታንፎርድ ኢንተርቪውስ የተባለውን የግራፊክስ ላይብረሪ ይሠራ ነበርና፣ የ1985ቱ የመጀመሪያ የሲ ፕላስ ፕላስ እትም በወጣ ሰሞን ስትሩስትሩፕ ቢሮ ድረስ ሄዶ ተማጸነ፦ ለውጭ ሰው የተዘጋ፣ ለልጆች ግን የተከፈተ ቦታ ይኑረን። ፕሮቴክትድ እንዲህ ተወለደ። የሚገርመው ግን፣ ከአምስት ዓመት ገደማ በኋላ ሊንተን ራሱ ፕሮቴክትድ ዳታን በኢንተርቪውስ ውስጥ ከለከለ! የስህተት ምንጭ ሆኖበት ነበር። ጓዳ የሚገባው ልጅ ሲበዛ ድስቱን ማን እንደነካው አይታወቅም፤ ወላጁም ዕቃውን ቦታ ላዛውር ቢል የልጆቹ ኮድ ይሰበራል። ፕሮቴክትድ ፈንክሽን ግን በእኔ እምነት ያን ያህል ጣጣ የለውም።

በ1995 የወጣው ጃቫ ጓዳውን ለጎረቤትም ከፈተው፤ በአንድ ፓኬጅ ያለ ክላስ ሁሉ ባይወርስም ይገባል። በሌላ በኩል፣ ልጅ የወላጁን ፐብሊክ ሜተድ መልሶ ሲጽፍ ወደ ፕራይቬት እንዳያጠበው ይከለክላል። ልጁን በወላጁ ስም የሚጠራው ኮድ በሩ ተዘግቶ እንዳይጠብቀው ነው።

ለመምህራኖቻችን አንዲት ነገር። በጃቫ ደንብ ፕራይቬት አይወረስም፤ በሲ ፕላስ ፕላስ ይወረሳል፣ ነገር ግን አይነካም። በሁለቱም የወላጁ ዳታ በልጁ ኦብጀክት ውስጥ ሜሞሪ ይዞ ይቀመጣል። እናም «ፕራይቬት ይወረሳል፤ እውነት ወይስ ሐሰት?» የምትል ጥያቄ ስታወጡ፣ እባካችሁ የየትኛው ቋንቋ እንደሆነ ጻፉበት።