የኮልፌው ሥልጠናና የዘጋቢ ፊልም ምስክርነት

እ.ኤ.አ. በ1962 ክረምት፣ በአፓርታይድ መንግሥት ፖሊስ የሚታደኑት ጠበቃ ኔልሰን ማንዴላ ከአዲስ አበባ በስተምዕራብ በኮልፌ፣ በፈጥኖ ደራሽ ፖሊስ ሠፈር፣ በፋሺስት ወረራ ዘመን በአርበኝነት ከተዋጋ አንድ መቶ አለቃ ተኩስንና የፈንጂ አጠማመድን፣ ከኮሎኔል ታደሰ ብሩ ደግሞ የጦር ትምህርትን ይቀስሙ ነበር። ለስድስት ወር የታሰበው ሥልጠና ከድርጅታቸው በመጣ ቴሌግራም ተቋረጠ፤ ኮሎኔሉም ለስንብት አንድ ሽጉጥ ከ200 ጥይት ጋር አበረከቱላቸው። ይህ ሽጉጥ በደቡብ አፍሪካ በሊሊስሊፍ እርሻ ተቀብሮ ብዙ ቢፈለግም አልተገኘምና የፊልም ሰዎችን ዓይን ይማርካል፤ ብረት ለካሜራ ይመቻልና።

እኔ ግን ከሽጉጡ ይልቅ አውሮፕላኑን አስቀድማለሁ። ማንዴላ በዚያው ዓመት ከካርቱም ወደ አዲስ አበባ በኢትዮጵያ አየር መንገድ ሲሳፈሩ አብራሪው ጥቁር መሆኑን አይተው እንደ ደነገጡ፣ ጥቁር ሰው አውሮፕላን ማብረር ይችላልን ብለው ለቅጽበት እንደ ሠጉ፣ ወዲያውም ሥጋቱ የአፓርታይድ አስተሳሰብ በልባቸው የዘራው መሆኑን ተገንዝበው ራሳቸውን እንደ ገሠጹ በግለ ታሪካቸው ጽፈዋል። የዘር አድልዎ በተበዳዩ ኅሊና ውስጥ እንኳ ዙፋኑን እንደሚዘረጋ ከዚህ የበለጠ ምስክር አይገኝም፤ ነገር ግን የዚያችን ቅጽበት ሥዕል ካሜራ ከየት ያመጣዋል?

መልሱን የጎንደሩ ተወላጅ የፊልም ሠሪ ኃይሌ ገሪማ በሥራቸው ሰጥተዋል። እ.ኤ.አ. በ1979 ባወጡት ፊልማቸው፣ በሰሜን ካሮላይና ዊልሚንግተን ከተማ በተፈረደባቸው ዐሥር ሰዎች ነገር፣ ዘጠኙ ጥቁሮች አንዲቱ ነጭ ሴት በሆኑበት፣ የዐሥሩን መከራ የእልፍ እስረኞች መከራ ምሳሌ አድርገው አቀረቡ፤ ፍርዱም በ1980 ተሻረ። በ1999 በወጣው የዓድዋ ፊልማቸው ደግሞ፣ በጦርነቱ ቀን የፊልም ካሜራ ስላልነበረ፣ የአረጋውያንን ቃል፣ ዜማንና የአገር ሥዕልን በፊልም ቅጂ ፈንታ አቆሙ። በኮልፌም ቢሆን በምስጢር የተፈጸመውን ነገር የሚተርከው ሰው ከሠፈሩ አጥር ይልቅ የቀሩትን አረጋውያን ፖሊሶች ቃል መያዝ ይገባዋል።

አንድ ነገር ግን ብዙ ጊዜ ይዘለላል። ታሪኩ በአፍሪካ ወንድማማችነት ብቻ እንዲፈጸም የሚወዱ ሰዎች የአሠልጣኙን ዕጣ ሲያነሡ አይሰሙም። ታደሰ ብሩ ወደ ጄኔራልነት ከፍ ካሉና የፊደል ዘመቻውን ከመሩ በኋላ በሜጫና ቱለማ ማኅበር ስለ ኦሮሞ ሕዝብ መብት ቆመው እ.ኤ.አ. በ1966 ታሰሩ፤ የሞት ፍርዳቸውም ወደ ዕድሜ ልክ እስራት ተለወጠ። ንጉሠ ነገሥቱ ከወረዱ በኋላ ደርግ በ1975 ገደላቸው። ያን ጊዜ ደቀ መዝሙራቸው በሮበን ደሴት እስር ላይ ነበሩ። ታደሰ ብሩን፣ ይህን ሁለተኛውን እስረኛ፣ የማያስገባ የኮልፌ ፊልም የግማሽ ምስክር ቃል ነው፤ ባለሥልጣናት ይወዱት ይሆናል፣ ዳኛ ግን አይቀበለውም።