ስም የሌላቸው መንገደኞች

«ስም የለንም» የሚል ማኅበር ሲገጥመው ታሪክ ጸሐፊ ምን ያደርጋል? ጽሕፈት ቤት የለው ሄዶ አይጠይቅ፣ በሩ ላይ ሰሌዳ የለው አያነብ። ጎረቤት ያወጣላቸው ስም ግን ሞልቷል፤ «ሁለት በሁለት» ያላቸው አለ፣ «ኩኒያውያን» ያላቸው አለ፣ ሰውን ወንዝ ውስጥ እየነከሩ ስለሚያጠምቁ «ነካሪዎች» ያላቸውም አለ። እነሱ እምነታቸውን «እውነት» ብቻ ይሉታል። ሰውን ሲጠይቁም «እውነት ውስጥ ነህ ወይ?» ነው።

የእምነታቸውን ልክነት መመርመር የእኛ ሥራ አይደለም፤ ያንን ለሥነ መለኮት ሰዎች ትተናል። እኛን ያስገረመን ሌላ ነው። የት፣ መቼና በማን እንደ ተጀመረ በግልጽ የሚታወቅ እንቅስቃሴ እንዴት አድርጎ ውልደቱን ከገዛ ልጆቹ ሊሰውር ቻለ? ብዙዎቹ ምእመናን ለትውልዶች ያህል የተነገራቸው፣ ይህ መንገድ መሥራች የሌለው፣ ከገሊላ ባሕር ዳርቻ ጀምሮ ሳይቋረጥ የመጣ መሆኑ ነው።

ነገሩ የተጀመረው ግን በአየርላንድ ነው። (ዓመቶቹ ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።) ዊልያም አርቪን በ1863 በስኮትላንድ፣ ኪልሳይዝ በምትባል የከሰል ማዕድን ከተማ ተወለደ። እሱም በከሰል ማዕድን ሥራ አድጎ እስከ ኃላፊነት ደርሶ ነበር። በ1893 ጆን ማክኒል የተባለ የፕሬስቢቴርያን ሰባኪ ሲሰብክ ሰምቶ ልቡ ተነካ፤ በ1895ም «የእምነት ሚሲዮን» ከሚባል ድርጅት ጋር ተቀላቀለ። ይህ ድርጅት በ1886 የተቋቋመ ሲሆን ወጣት ሰባኪዎችን ወደ ገጠር ይልክ ነበር፤ ሰባኪዎቹም «መንገደኞች» ይባሉ ነበር። እንግዲህ መንከራተቱ ራሱ ከሌላ የተወረሰ መሆኑን ልብ ይሏል።

አርቪን ወደ አየርላንድ ተላከ። በ1897 በቲፐሬሪ አውራጃ ኔናህ በምትባል ከተማ ስብከት ከፈተ። አዳራሹን ያገኘለት ጆን ሎንግ የሚባል የሜቶዲስቶች መጽሐፍ አዟሪ ነው። ይህን ሰው አንባቢ እንዳይረሳው፤ በኋላ እንመለስበታለን። ስብከቱ ያዘ። የሰማው ሕዝብ በካቶሊኮች መካከል ተበታትኖ የሚኖር ጥቂት ፕሮቴስታንት ነው፤ ገበሬ፣ የሱቅ ሠራተኛ፣ መምህር። ቄሶቻቸው ደመወዝተኞች ናቸው፤ ከሀብታሙ ጋር ይበላሉ። አርቪን ታዲያ ማቴዎስ ወንጌል ምዕራፍ 10ን ይገልጥና፣ ወርቅም ከረጢትም ሁለት እጀ ጠባብም ሳትይዙ ሂዱ የተባለው ለዚያን ዘመን ብቻ ነው ያለው ማነው? ይላል። ትእዛዙ አልተሻረም። ያለውን ሸጦ፣ ሁለት ሁለት ሆኖ፣ ያለ ደመወዝ የማይወጣ ሰው ሰባኪ አይደለም።

በእኛ አስተያየት ይህ ንግግር የያዘው አዲስ ስለ ሆነ አይደለም። ቅሬታው በሰው ሆድ ውስጥ ቀድሞ ነበረ፤ አርቪን ቃል ሰጠው እንጂ። ለወጣቶቹ፣ በተለይም ለሴቶቹ፣ ሌላ ትርጉምም ነበረው። ሴቶቹ እንደ ወንዶቹ ጥንድ ጥንድ ሆነው ለስብከት ወጡ። በዚያን ጊዜ ለአንዲት የገበሬ ልጅ ከእርሻና ከትዳር ሌላ ምን በር ተከፍቶላት ነበር?

በ1901 አርቪን ከሚሲዮኑ ጋር ጨርሶ ተለያየ። በዚያው ዓመት የኤኒስኪለኑ ሀብታም የጨርቅ ነጋዴ ልጅ ኤድዋርድ ኩኒ 1,300 ፓውንድ አስረክቦ ተቀላቀለ። ለጊዜው ይህ ትልቅ ገንዘብ ነው። ኩኒ አንደበቱ ስለት ነበርና ሕዝቡ እንቅስቃሴውን በሱ ስም ጠራው። በ1903 በሚዝ አውራጃ ራትሞሊየን ላይ ጉባኤ ተደረገ፤ በዚሁ ዓመት አርቪን ራሱ ጆርጅ ዎከርንና አርቪን ዊርን አስከትሎ ወደ አሜሪካ ተሻገረ። ከዚያ በኋላ ባሉት ጥቂት ዓመታት ሰባኪዎቹ ካናዳ፣ አውስትራልያ፣ ኒውዚላንድና ደቡብ አፍሪካ ደረሱ። የተጓዙት የአየርላንድና የስኮትላንድ ስደተኛ በተጓዘበት መርከብ ነው፤ ያረፉትም እንግሊዝኛ በሚናገር ገበሬ ቤት።

ይሁንና ሁሉም ሰው ሸጦ ከወጣ ሰባኪውን ማን ያሳድረዋል? ማንስ ያበላዋል? ይህ ቀላል ጥያቄ የእንቅስቃሴውን መልክ ለወጠው። በ1908 አካባቢ ባለ ትዳሩና ባለ እርሻው በቤቱ እንዲቆይ ሆነ። ስለዚህ ሁለት ክፍል ተፈጠረ፦ ያላገቡና ቤት የሌላቸው «ሠራተኞች»፣ እነሱን የሚያሳድሩ «ወዳጆች»። እሑድ ጧት በአንዱ ወዳጅ ሳሎን ይሰበሰባሉ፤ እያንዳንዱ ይጸልያል፣ ይመሰክራል፣ እንጀራና ጽዋው ይዞራል። ሙዳየ ምጽዋት የለም፤ ገንዘብ ለሠራተኛው በእጁ ይሰጠዋል። በዓመት አንድ ጊዜ በትልቅ እርሻ ላይ ለጥቂት ቀናት ጉባኤ ይደረጋል። በቃ፣ ይኸው ነው። ሕንፃ የለ፣ ደረሰኝ የለ።

በነዚሁ ዓመታት አንድ አስተምህሮ ገባ፦ ሰው የሚድነው ሕያው ምስክር ከሆነው ከሠራተኛው አፍ ሰምቶ ብቻ ነው የሚል። ቀድሞ ድኛለሁ ይል የነበረ ሁሉ እንደገና እንዲጀምር ተጠየቀ። ጆን ሎንግ ይህን አልቀበልም አለ፤ በሌሎች አብያተ ክርስቲያናት ውስጥም የዳኑ አሉ ብሎ ጸና። በ1907 ተባረረ። የኔናህን በር የከፈተው ሰው በ10 ዓመቱ ደጅ ቀረ ማለት ነው። ደግነቱ ማስታወሻ ይጽፍ ነበር፤ ዛሬ ስለ መጀመሪያዎቹ ዓመታት የምናውቀው አብዛኛው ከሱ ብዕር የተገኘ ነው።

ተራው የአርቪን ሆነ። የጸጋው ዘመን በነሐሴ 1914 ተፈጽሟል፣ እኔም በራእይ ዮሐንስ ምዕራፍ 11 ከተነገረላቸው ሁለት ምስክሮች አንዱ ነኝ ማለት ጀመረ። አገሮቹን ተከፋፍለው የያዙት የበላይ ሠራተኞች ገሸሽ አደረጉት። በ1919 ኢየሩሳሌም ገብቶ ኑሮውን በደብዳቤ እየሰበከ ገፋ፤ በ1947 እዚያው ሞተ። ኩኒም የበላዮቹን ሥልጣን ስለ ተቃወመ በ1928 ለርገን ከተማ ላይ ተወገደና በ1960 አውስትራልያ ውስጥ አረፈ።

መስመር ያስጀመሩት ሦስቱም እንዲህ ወጡ። የወጣን ሰው ስም ደግሞ ማን ያነሣል? ዝምታው ለበላዮቹ እጅግ ተስማማቸው፤ መጀመሪያ የሌለው ነገር አይጠየቅምና። በ1942 ጆርጅ ዎከር ለአሜሪካ የውትድርና ምልመላ መሥሪያ ቤት ስለ አነሳሳቸው ሲያስረዳ፣ በብሪታንያና በአሜሪካ የነበሩ አንዳንድ ሰዎች መጽሐፍ ቅዱስ አጥንተው የደረሱበት ነው አለ። አብሮት ባሕር የተሻገረውን የአርቪንን ስም ትንፍሽ አላለም። ስም የሌለው ማኅበርም ለዚያ ወረቀት ሲል «ክርስቲያናዊ ጉባኤዎች» የሚል ስም አወጣ! በ1982 ዳግና ሄለን ፓርከር ታሪኩን በመጽሐፍ ሲያወጡ ብዙ ምእመን የአርቪንን ስም ለመጀመሪያ ጊዜ ሰማ። አንዳንዱ ወጣ፤ አንዳንዱ መጽሐፉን እንዳይነካ ተመከረ።

ይህ የድሮ ወሬ ነው የሚለን ካለ፣ በ2023 የሆነውን ይመልከት። በአሜሪካ አንድ የበላይ ሠራተኛ ከሞተ በኋላ የፈጸመው ወሲባዊ ጥቃት በደብዳቤ ተገለጠ። ከዚያ ወዲህ ልጅ ሳሉ ተደፈርን የሚሉ ሰዎች በየአገሩ ተነሡ፤ በፌብሩዋሪ 2024ም ኤፍ ቢ አይ ምርመራ መክፈቱን አስታውቆ ተጎጂዎች እንዲያመለክቱ ጠየቀ። ቤት የሌለው ሠራተኛ የሚያድረው በወዳጆች ቤት፣ ልጆች ባሉበት ነበር። ማን በየትኛው ዓመት በማን ቤት እንዳደረ ለማወቅ ዛሬ ሰዎቹ የሚያገላብጡት የቆዩ የቤተሰብ ፎቶግራፎችንና የጉባኤ ስም ዝርዝሮችን ነው።