የሰፈር ሥርዓትና የጦር አዛዥነት በ19ኛው መቶ ዓመት ኢትዮጵያ

ስለ ቀድሞው የኢትዮጵያ ጦር ከጻፉት የውጭ አገር ሰዎች አያሌዎቹ፣ ጦሩ ብዙ ሰውና ብዙ ድፍረት እንጂ የተደላደለ የአዛዥነት ሥርዓት ያልነበረው አድርገው ገልጸውታል። ወደዚህ አስተያየት ያደረሳቸው በጽሑፍ የተላለፈ ትእዛዝና ካርታ አለማየታቸው ነው። ነገር ግን ትእዛዝ የሚተላለፈው በወረቀት ብቻ አይደለም። የዚህ አጭር ጽሑፍ ዓላማ፣ ጦሩ ትእዛዙን በአብዛኛው በሰፈሩ አቀማመጥ አስቀድሞ ይዞት ይሄድ እንደ ነበር፣ ብርታቱም ድካሙም ከዚሁ የመነጨ መሆኑን ማስረዳት ነው። ዓመታቱ በኢትዮጵያ አቆጣጠር የተሰጡ ናቸው።

በመጀመሪያ የማዕርጎቹን ስም እንመልከት። ፊታውራሪ በፊት የሚቀድም፣ ቀኝ አዝማች በቀኝ፣ ግራ አዝማች በግራ የሚያዘምት ነው፤ ደጃዝማችም ከደጅ ጋራ የተያያዘ ስም ነው። እነዚህ ስሞች በኋላ የክብር መጠሪያ ቢሆኑም በመሠረቱ የቦታ ስሞች ናቸው። የንጉሡ ድንኳን ከተተከለ ዘንድ እያንዳንዱ መኳንንት ከነጭፍራው ከእርሱ አንጻር ስፍራውን ያውቃል። ከ1512 እስከ 1518 ዓ.ም. በኢትዮጵያ የቆየው ፖርቱጋላዊ ቄስ ፍራንሲስኮ አልቫሬዝም የንጉሡ ሰፈር የታወቀ ሥርዓት እንደ ነበረው ጽፏል። እንግዲህ የሰፈሩ ሥርዓት የጉዞውና የውጊያውም ሰልፍ መሠረት ነበር ማለት ነው።

በዚህ ምክንያት በቃል የሚሰጠው ትእዛዝ አጭር ሊሆን ቻለ። ዐፄ ምኒልክ መስከረም 7 ቀን 1888 ዓ.ም. ያሳወጁት የክተት አዋጅ ለሸዋ ሰው መሰብሰቢያውን ወረኢሉ፣ ጊዜውን እስከ ጥቅምት እኩሌታ አድርጎ ወሰነ፤ የቀረውን ባላገሩና ጭፍራው ከልማድ ያውቀዋል። የፊት አዛዥም ሰፊ ነፃነት ነበረው። ኅዳር 28 ቀን በአምባላጌ ፊታውራሪ ገበየሁ ከበላይ ቁርጥ ያለ ትእዛዝ ሳይጠብቁ ውጊያውን እንደ ጀመሩ ይነገራል።

የካቲት 23 ቀን በዐድዋ የተጋጠሙት እንግዲህ ሁለት የአዛዥነት ሥርዓቶችም ናቸው። ጄኔራል ባራቲየሪ ጦሩን በሦስት ረድፍና በአንድ ደጀን ከፍሎ፣ በጽሑፍ ትእዛዝና በንድፍ ካርታ በሌሊት አንቀሳቀሰው። በካርታው ላይ ኪዳነ ምሕረት የተባለው ኮረብታ ግን የአገሩ ሰው በዚህ ስም የሚጠራው አልነበረም። ስለዚህ ጄኔራል አልበርቶኔ ስሙን ተከትሎ ከጓደኞቹ እጅግ ርቆ ሄደ፤ ረድፎቹም ተለያይተው በየተራ ተመቱ። በኢትዮጵያ ወገን ግን መኳንንቱ እያንዳንዳቸው ከሚያውቁት ጭፍራ ጋራ ተሰለፉ። ለድሉ ምክንያት ይህ ብቻ ነው ማለት አይደለም፤ የሠራዊቱ ብዛት፣ የመሣሪያው መሻሻልና የመሪዎቹ አንድነት ታላቅ ድርሻ አላቸው።

የሥርዓቱ ድካም የታየው ከዚያ ሰባት ዓመት ቀደም ብሎ፣ በመጋቢት 1881 ዓ.ም. በመተማ ነው። ጦሩ ወደ ድል ሲቃረብ ዐፄ ዮሐንስ ቆሰሉ፤ ወሬው በተሰማ ጊዜም ሠራዊቱ ፈርሶ ተበተነ። በዐድዋ ፊታውራሪ ገበየሁ ወድቀው ሳለ ጦሩ ጸንቷል፤ መካከለኛው ድንኳን ቆሞ ነበርና። ስፍራ ሁሉ የሚለካው ከአንድ ሰው ከሆነ፣ ያ ሰው ሲወድቅ ቀኝና ግራ ትርጉም ያጣሉ። ምሰሶው ለተሰበረ ቤት ማገሩ ምን ይረዳዋል?

ስለዚህ የቀድሞውን ጦር ሥርዓት የለሽ ማለት ስሕተት እንደ ሆነ ሁሉ፣ ሥርዓቱን ያለ ነቀፋ ማወደስም ታሪኩን አያስረዳም። በጦርነትም ሆነ በድንገተኛ አደጋ ጊዜ ሰው ሳይታዘዝ ስፍራውን እንዲይዝ ማስለመድ ታላቅ ነገር ነው። አዛዡ ሲጠፋ ስፍራው በማን እንደሚጠበቅ አስቀድሞ መወሰን ግን ሌላ ነገር ነው፤ መተማና ዐድዋም አብረው ሊነበቡ የሚገባቸው ስለዚህ ነው።