በቬኒስ የተጨበጨበለት ፊታችን

የሲኒማችን ታሪክ ከየት ይጀምራል ሲባል ብዙዎቻችን «ሂሩት አባቷ ማን ነው?» ብለን እንመልሳለን። በ1957 ዓ.ም. የተሠራው ይህ ጥቁርና ነጭ ፊልም በእርግጥም የመጀመሪያው ባለሙሉ ርዝመት የአማርኛ ፊልም ነው። ለመሆኑ ከዚያ 26 ዓመት ቀደም ብሎ አንዲት የሀበሻ ሴት በአንድ ትልቅ የአውሮፓ ፊልም ላይ ልዕልት ሆና እንደተወነች ስንቶቻችን ሰምተናል?

ፊልሙ «አቡነ መሢያስ» ይባላል። ያዘጋጀው ጎፍሬዶ አሌሳንድሪኒ ነው። በ1931 ዓ.ም. (እ.ኤ.አ. 1939) በቬኒስ ፊልም ፌስቲቫል የሙሶሊኒን ዋንጫ ወስዷል። ታሪኩ የሚያጠነጥነው የአገራችን ሰው አባ ማስያስ እያለ በሚጠራው በካቶሊኩ ሚሲዮናዊ በጉሊየልሞ ማሳያ ላይ ነው።

ለመቱና ለበደሌ ልጆች አባ ማስያስ ሩቅ ሰው አይደለም። እ.ኤ.አ. በ1850ዎቹ ሊሙ እናርያና ከፋ ገብቶ አስተምሯል፤ ሁለቱም የኢሉባቦር ጎረቤቶች ናቸው። የፊልሙ ባለቤቶች ግን ለስብከቱ ብዙም የተጨነቁ አይመስሉም። የፈለጉት «እኛ እዚህ አገር የመጣነው ዛሬ አይደለም፣ ድሮም ለበጎ ነው» ማለትን ነው።

ለበጎ መምጣታቸውን ደግሞ ጎሬ ትመስክር። ንጉሠ ነገሥቱ ከተሰደዱ በኋላ የኢትዮጵያ መንግሥት የመጨረሻ መቀመጫ የነበረችው ጎሬ ኅዳር 1929 ዓ.ም. በጣሊያን እጅ ወደቀች። ሦስት ወር ሳይሞላ፣ የካቲት 12፣ የአዲስ አበባ ሕዝብ ተጨፈጨፈ። ግንቦት ላይ የደብረ ሊባኖስ መነኮሳት ተረሸኑ። የፊልም ካሜራው አገራችን የገባው ይህ ሁሉ ደም ሳይደርቅ ነው።

እስቲ ማን ማንን ሆኖ እንደሠራ እንመልከት። ምኒልክን የተጫወተው ኤንሪኮ ግሎሪ የሚባል ጣሊያናዊ ነው። ጳጳሱን አቡነ አትናቴዎስን የተጫወተውም ጣሊያናዊ፣ ማሪዮ ፌራሪ ነው። ዘውዱንም ቆቡንም የደፉት እነሱ ናቸው። በጦርነቱ ትዕይንት ላይ ጦርና ጋሻ ይዞ የሚተመው ግን የአገሬው ሰው ነው።

ከዚያ ሁሉ ሰው መሃል ልዕልት ዓለም ሆና የሠራችው ሴት ስሟ በተዋንያን ዝርዝር ውስጥ ገብቷል። በጣሊያንኛ ፊደል የተጻፈውን ስም ወደ እኛ አጻጻፍ ስንመልሰው «ብርቄ ዘይቱ» ሳይሆን አይቀርም።

ሚያዝያ 1929 ዓ.ም. የወጣው የጣሊያን ሕግ አንድ ጣሊያናዊ ከቅኝ ተገዢ ሴት ጋር እንደ ባልና ሚስት ቢኖር እስከ አምስት ዓመት እንዲታሰር ያዝዝ ነበር። አስቡት እንግዲህ! በሕጋቸው ለትዳር የማትመጥነው ሴት በፊልማቸው ልዕልት ናት። ፊቷ ቬኒስ ድረስ ሄዶ ሲጨበጨብለት፣ የአገሯ ሰው ግን በገዛ ከተማው ሁለተኛ ዜጋ ነበር።

«ታዲያ ባንዳ አይደለችም ወይ?» የሚል አይጠፋም። እኔ በዚህ አልስማማም። ድርሰቱን አልጻፈችም፣ ዋንጫውንም አልወሰደችም። በዚያ ዘመን መንገድ የሠራውን የቀን ሠራተኛ ባንዳ ካላልን፣ ካሜራ ፊት የቆመችውን ሴት ለይተን የምንኮንንበት ምክንያት አይታየኝም። ጥፋቱ የፊልሙ ነው፤ ፊልሙን ፋሽስታዊ ብለን እንጥራው፣ ይገባዋል። የሷን ስም ግን አብረን አንቅበረው።

የሲኒማ ታሪካችንን በ1957 ብቻ ከጀመርን፣ ከዚያ በፊት በሌሎች ካሜራ የተቀረጹ ወገኖቻችንን ለጣሊያኖቹ መዝገብ ትተናቸዋል ማለት ነው። ስለዚህ የፊልም ታሪክ የምትጽፉ፣ በየዩኒቨርሲቲው ቴአትር የምታስተምሩ ሁሉ፣ ከ«ሂሩት» በፊት አንድ ገጽ ጨምሩ። በዚያ ገጽ ላይ የብርቄ ስም ይግባ፤ ከጎኑም ፊልሙ ለምን እንደተሠራ በግልጽ ይጻፍ።

ቸር እንሰንብት!