የተሸነፈ ይከፍላል

ጎንደር ውስጥ አንድ ጨዋታ ድራሹ ጠፍቷል። ቼዝ ማለቴ አይደለም፤ ቼዝማ ዛሬም ይጫወቱታል። የነገሥታቱንና የመኳንንቱን ሰንጠረዥ ማለቴ ነው። ሰሌዳው ቀይ ጨርቅ ሆኖ በጥቁር ወይም በሰማያዊ መስመር የተከፋፈለ ነበር፤ ቤቶቹ ጥቁርና ነጭ እየሆኑ አይፈራረቁም። ንጉሥ፣ ፈርዝ፣ ፊል፣ ፈረስ፣ ደር፣ መደቅ የሚባሉ ጠጠሮች ነበሩት። ከሁሉ የሚያስደንቀኝ አጀማመሩ ነው። ተጫዋቾቹ ተራ አይጠባበቁም፤ ሁለቱም ባንድ ጊዜ፣ ያሻቸውን ያህል እየደጋገሙ ጠጠሮቻቸውን ያሰልፋሉ። ይህ ወረራ ይባላል። አንደኛው የሌላውን ጠጠር ሲበላ ወረራው ያበቃና ጨዋታው በተራ ይሆናል። ማሸነፍ ብቻውንም አያስከብርም ነበር፤ ንጉሡ በምን ተያዘ የሚለው ይታያል። በደር ወይም በፈረስ መያዝ ተራ ነገር ነው፤ ከሁሉ በምታንሰው ጠጠር፣ በመደቅ፣ መያዝ ግን ያስመሰግናል።

አፄ ልብነ ድንግል በ16ኛው መቶ ክፍለ ዘመን መጀመሪያ ከአንድ ቬኒሳዊ ሠዓሊ ጋር ሰንጠረዥ ይጫወቱ እንደነበር ተጽፏል። ዘራቸው ከሰሜን መኳንንት የሚመዘዘው እቴጌ ጣይቱም በገና እንደሚደረድሩ ሁሉ ሰንጠረዥም ይችሉ ነበር። አጨዋወቱን በዝርዝር ጽፈው ካቆዩልን አንዱ እንግሊዛዊው ቆንስል ዋልተር ፕላውደን ነው። እሱ ራሱ እ.ኤ.አ. በ1860 ጎንደር አቅራቢያ በሸፈቱ ሰዎች እጅ ወድቆ ቆሰለ፤ በገንዘብ ተለቆ ከተማው ከገባ በኋላ ሞተ። ማስታወሻው የታተመው በ1868 ነው። ከዚያ ወዲህ የታሪክ ተመራማሪው ሪቻርድ ፓንክረስት እ.ኤ.አ. በ1971 ያለውን መረጃ ሁሉ አሰባስበው ባያሳትሙት ኖሮ ዛሬ ስሙን እንኳ የሚያነሳ ባልኖረ። ሰንጠረዥ የአዳራሽ ጨዋታ ነበር። ጣሊያን በ1928 ዓ.ም. ሲገባ አዳራሹ ተፈታ፤ መኳንንቱ የሞተው ሞቶ፣ የተሰደደው ተሰደደ፣ የቀረውም ሌላ ጣጣ መጣበት። ጨዋታው ከሰዎቹ ጋር አብሮ ሄደ።

ስለ ጨዋታ መጥፋት ብዙ የማስበው በሥራዬ ምክንያት ነው። ማራኪ ሰፈር፣ ከጎንደር ዩኒቨርሲቲ ግቢ ብዙም ሳይርቅ፣ ለዓመታት የፕሌይስቴሽን ቤት ይዤ ኖሬአለሁ። ልጆች ጨዋታ እንዴት እንደሚያገኙና እንዴት እንደሚያጡ በየቀኑ አይቻለሁ። የማየው ነገር ደግሞ በዚህ አገር ከኖረው የጨዋታ ልማድ ተነጥሎ የሚታይ አይመስለኝም።

ገበጣን ተመልከቱ። እናቴ የወገራ ሰው ናት፤ አምባ ጊዮርጊስ አካባቢ በልጅነቴ ክረምቱን ሳሳልፍ ከእረኞች ጋር የተጫወትሁት መሬት ላይ ተቆፍሮ ነው። ስድስት ስድስት ጉድጓድ በሁለት ረድፍ፣ በእያንዳንዱ አራት አራት ጠጠር። ጠጠር ካልተገኘ እምቧይ ይለቀማል። በሦስት ረድፍ፣ በአሥራ ስምንት ጉድጓድ፣ ሦስት ሦስት ጠጠር እየተደረገ የሚጫወቱትም አሉ። ዝናብ ሲመጣ ጉድጓዱ ጭቃ ይሞላል፤ በማግስቱ ሌላ ይቆፈራል። አንድ እረኛ ከብቱን ይዞ ሌላ ሸንተረር ቢሄድ ጨዋታውን ጭንቅላቱ ውስጥ ይዞት ይሄዳል። ሊከለክለው የሚችል ሰው የለም። አዳራሹ የሰንጠረዥን ጨርቅ ሲያጥፍ እረኛው ገበጣውን መቆፈሩን አላቆመም። ሁለቱም ያንድ አገር፣ ያንድ ዘመን ጨዋታዎች ነበሩ፤ ዛሬ አንደኛው አለ፣ ሌላው የለም።

በጊዜ የተገደበ ጨዋታም ለእኛ አዲስ አይደለም። ገና የሚጫወቱት በወቅቱ ነው። ታኅሣሥ 29 ሲቃረብ ቆልማማ ዱላ ከጫካ ይመረጣል፣ ጥንግ ይጠረባል፤ በዓሉ ሲያልፍ ጨዋታው ያበቃል፣ ዱላውም ጥግ ይቆማል። ማንም አይከፋም። ማለቂያው የሁሉም ነዋ! ጌታውም ሎሌውም ባንድ ቀን ያቆማሉ፤ የሚመጣው ዓመትም ያለ ክፍያ ይመለሳል። ይህን የማነሳው የጨዋታ ማለቅ በራሱ በደል ነው ብዬ ስለማላምን ነው።

ገንዘብ የመጣው በከተማው በኩል ነው። ፒያሳ በየቡና ቤቱ ከረንቡላ ነበር፤ የትልልቅ ሰዎች ነው፣ እኛን አያስጠጉንም። የእኛ ጆተኒ ነበረ። በየመንደሩ መታጠፊያ፣ ቆርቆሮ ጥላ ሥር፣ ባለቤቱ ወይም የባለቤቱ ታናሽ ወንድም ሳንቲም ይቀበላል። እዚያ ነው ኋላ በቤቴ ግድግዳ ላይ ያልተጻፈውን ግን ሁሉም የሚያውቀውን ሕግ የተማርሁት፤ የተሸነፈ ይከፍላል። ኪሱ ባዶ የሆነ ልጅ እጁ ከሰላ ቀኑን ሙሉ ይጫወታል። የሀብታም ልጅ ይከፍልለታል፣ ሳያዝንም ይከፍልለታል፣ ምክንያቱም የሚማረው ከእሱ ነው። ከፋዩን ሲያጣ ደግሞ ዳር ቆሞ ያያል፤ ማየት ደግሞ ግማሽ መጫወት ነው።

ፕሌይስቴሽን ሲመጣ ይኸው ሕግ እንዳለ ገባ። የመጀመሪያው ማሽኔ አሮጌው፣ ግራጫው ነበር። ሌንሱ ሲደክም ሲዲ ማንበብ ያቅተዋል፤ ያን ጊዜ ማሽኑን ገልብጠን በጀርባው እናስተኛዋለን፣ ያነባል። የተጫረ ሲዲ በጥርስ ሳሙና ይታሻል፣ በጥጥ ይጠረጋል፣ አንዳንዴ ይሠራል። ሲዲዎቹ ከመርካቶ የሚመጡ ቅጂዎች ናቸው፤ ስማቸው በማርከር ተጽፎባቸዋል፣ ብዙ ጊዜም የተጻፈው ሌላ፣ ውስጡ ያለው ሌላ ነው። ቀጥሎ እ.ኤ.አ. በ2000 የወጣው ፕሌይስቴሽን 2 ገባ፤ ከእሱ ጋር የእግር ኳስ ጨዋታው ዊኒንግ ኢለቨን ነገሠ። የሜሞሪ ካርዷ 8 ሜጋባይት ብቻ ስለምትይዝ የማን ይቀመጥ፣ የማን ይጥፋ በሚል ክርክር ይነሳ ነበር። ከዳባት የመጣ አንድ ተማሪ ትዝ ይለኛል። ለቤት ኪራይ ወላጆቹ ከሚልኩለት በቀር ሌላ ገንዘብ የለውም። እንግዳ ሰው ሲገባ ዝም ብሎ ወንበሩ ጫፍ ላይ ይቀመጣል፤ ጆይስቲክ ሲሰጡት ግን የሚያሸንፈው አልነበረም። አንድም ቀን ከኪሱ ሲከፍል አላየሁትም፤ ቤቱ ውስጥ እንደ እሱ የተከበረም አልነበረም።

ቤቴ የድሆች መድኃኒት ነበር ልል አይደለም። ብዙ ልጅ የደብተር ገንዘቡን አጥፍቷል፣ እናቶች በር ላይ መጥተው ተቆጥተውኛል። ግን መጥተው ሊቆጡኝ ይችሉ ነበር! ዱቤ የሚለምን ይለምነኛል፤ ጆይስቲክ የሰበረ አባቱን ይዞ ይመጣል፤ አንዱ ቤት ሲዘጋ ማሽኑ ለሌላ ይሸጥና ልጆቹ ተከትለውት ይሄዳሉ። ጨዋታውን የሚከለክለው ሰው ስሙም ፊቱም ይታወቃል፤ ሽማግሌም ይላክበታል።

ይህን የለወጠው የአባልነት ክፍያ ነው። እ.ኤ.አ. በ2010 የተጀመረው ፕሌይስቴሽን ፕላስ በፕሌይስቴሽን 4 ጊዜ በኢንተርኔት ለመፎካከር የግድ ሆነ፤ ማይክሮሶፍት በ2017 ጌም ፓስን አመጣ። ሐሳቡ ቀላል ነው፤ በወር ወይም በዓመት ትከፍላለህ፣ በርካታ ጨዋታዎች ይከፈቱልሃል፤ መክፈል ስታቆም ይዘጋሉ። ኢትዮጵያ ግን የሶኒ መደብር ከሚሠራባቸው አገሮች ዝርዝር ውስጥ የለችም። ስለዚህ እዚህ ያለ ተጫዋች በሌላ አገር ስም ይመዘገባል። የውጭ ምንዛሪ ካርድ ስለሌለውም ውጭ ያለ ዘመድ ይከፍልለታል፣ አለዚያ የስጦታ ካርድ ቁጥር በቴሌግራም ከሚሸጡ ልጆች ይገዛል። እኔም እንዲሁ አደረግሁ። ዋሽንግተን የምትኖረው የአክስቴ ልጅ ነበረች የምትከፍልልኝ።

የአባልነት ዓመቱ የሚያልቅበት ጊዜ ክፉ ወቅት ላይ ወደቀ። ሐምሌ 28 ቀን 2015 ዓ.ም. በአማራ ክልል በተፈጠረው የጸጥታ ችግር ምክንያት የአስቸኳይ ጊዜ አዋጅ ታወጀ፤ የሞባይል ኢንተርኔት ተቋረጠ፤ እኔ የምሠራው ደግሞ በስልክ ዳታ ነበር። ቤቱ ራሱ ለሳምንታት ተዘግቶ ከረመ። በኋላ ስከፍተው የጨዋታዎቹ ምስል ላይ ትንሽ የቁልፍ ምልክት ተለጥፋለች። አንድ የሕክምና ተማሪ ወራት የፈጀበትን ረጅም ታሪክ ያለው ጨዋታ ሊጨርስ ምንም አልቀረውም ነበር። ማሽኑን ከፈትንና አብረን አየን። ጨዋታው የማሽኑ ሃርድ ዲስክ ላይ አለ፣ ጊጋባይቱ ተቆጥሮ ይታያል፤ እሱ የደረሰበት ቦታም ተመዝግቦ ተቀምጧል። አይከፈትም እንጂ አንዳች የጎደለ ነገር የለም።

«ጋሼ፣ ማን ጋ ሄጄ ላናግር?» አለኝ።

የምነግረው ሰው አልነበረኝም። በዚያው ሰሞን፣ እ.ኤ.አ. መስከረም 2023፣ የፕሌይስቴሽን ፕላስ መነሻ የዓመት ክፍያ ከ60 ወደ 80 ዶላር ገደማ አደገ። ሐምሌ 22 ቀን 2016 ዓ.ም. ደግሞ የብር የምንዛሪ ተመን ለገበያ ተለቀቀ፤ 57 ብር አካባቢ የነበረው ዶላር በጥቂት ሳምንታት ከ100 ብር አለፈ። አራት ሺህ ስድስት መቶ ብር ገደማ ሊሆን የሚችለው ክፍያ እጥፉን ሄደ። የዳባቱን ልጅ ያን ጊዜ አሰብሁት። እጁ የቱንም ያህል ቢሰላ ለዚህ አይረዳውም። ውጭ ዘመድ ያለው ይጫወታል፣ የሌለው አይጫወትም።

ነገሩ የእኛ ብቻ አይደለም። ዩቢሶፍት የተባለው ኩባንያ እ.ኤ.አ. በ2014 ያወጣውን ዘ ክሩ የተሰኘ የመኪና ጨዋታ እ.ኤ.አ. መጋቢት 31 ቀን 2024 ሰርቨሩን ዘጋው፤ ዲስኩን በገንዘባቸው ገዝተው መደርደሪያቸው ላይ ያኖሩት ሰዎች ጭምር መጫወት አቃታቸው። በዚህ ምክንያት ሮስ ስኮት የተባለ ሰው የጀመረው እንቅስቃሴ በአውሮፓ ከሚሊዮን በላይ ፊርማ አሰባስቧል። በካሊፎርኒያ ከ2025 መጀመሪያ ጀምሮ የዲጂታል መደብሮች ገዢው የሚያገኘው ፈቃድ እንጂ ዕቃው እንዳልሆነ በግልጽ እንዲናገሩ ሕግ ወጥቷል። መናገሩ ደግ ነው፤ ግን ተነግሮህ ብታጣም ማጣት ነው። በዚያው በ2024 ግንቦት ላይ ሶኒ ሄልዳይቨርስ 2 የተባለውን ጨዋታ በኮምፒውተር የሚጫወቱ ሁሉ የእሱን አካውንት እንዲከፍቱ ሊያስገድድ ሲል፣ አገልግሎቱ በሌለባቸው 177 አገሮችና ግዛቶች ጨዋታው ከሽያጭ ወረደ። ተጫዋቾች ከየአቅጣጫው ጮኸው ኩባንያው ግዴታውን አነሳ። ዘመዶቻቸው ያልከፈሉላቸው የእኛ ልጆች ግን ጩኸታቸው የሚሰማበት ስፍራ የለም፤ በመዝገቡ የሌላ አገር ሰዎች ናቸውና።

አሁን ወደ ዲስክ ተመልሻለሁ። ያገለገሉ የእግር ኳስ ጨዋታዎችን እገዛለሁ፤ ያለፈው ዓመት ቡድን ቢሆን ለልጆቹ ግድ የለም፣ ፋሲል ከነማ እንደሆነ በየትኛውም ዓመት የለበትም። ይህም የሚያዛልቅ አይመስልም፤ እ.ኤ.አ. በ2024 የወጣው ፕሌይስቴሽን 5 ፕሮ ዲስክ ማጫወቻ ሳይገጠምለት ነው የሚሸጠው።

ማንም የማይቆልፈው ጨዋታ የቀረን ገበጣ ነው፤ ስለዚህ አንድ ልመና አለኝ፤ ለዩኒቨርሲቲው የታሪክና የባህል ክፍሎች፣ እንዲሁም ለደባርቅና ለጃናሞራ መምህራን። ገበጣ አይጠፋም ብለን አንተኛ። አሁን ከብት የሚጠብቅ ልጅ አንሷል፤ ስልክ የያዘ ደግሞ በዝቷል። የወገራውን ሕግ አውቀዋለሁ፤ የሊማሊሞን ቁልቁለት ወርደው አዲ አርቃይ ያሉት እንዴት እንደሚጫወቱ፣ ሦስት ረድፉ በየትኛው ቀበሌ እንዳለ፣ ጠጠር የሚዘራው በስተቀኝ ነው ወይስ በስተግራ፣ የመጨረሻው ጠጠር ባዶ ጉድጓድ ላይ ሲያርፍ ምን እንደሚደረግ፣ ቤት የገዛ ምን መብት እንዳለው፣ ይህ ሁሉ በሰው አፍ ነው ያለው። የሰንጠረዡን ሕግ የጻፈልን መንገደኛ የውጭ ሰው ነበር። የገበጣውን ሕግ የሚያውቁት ሽማግሌዎች ዛሬ በሕይወት አሉ፤ ከጎንደር ደባርቅ በሚኒባስ የሦስት ሰዓት መንገድ እንኳ አይሞላም፤ ደብተርና እስክሪብቶ ይበቃል።