በዲሲፕሊን ክስ ላይ ያለ የመንግሥት ሠራተኛ የደረጃ ዕድገት መብት

በዲሲፕሊን የተከሰሰ ሠራተኛ ክሱ ውሳኔ ሳያገኝ የደረጃ ዕድገት ማስታወቂያ ሊወጣ ይችላል። እንደ ደጀን ባለ ወረዳ በአንድ ጽሕፈት ቤት ለዕድገት ክፍት የሚሆኑ የሥራ መደቦች ጥቂት በመሆናቸው፣ መደቡ በሌላ ሠራተኛ ከተያዘ ተመሳሳይ ዕድል እስኪገኝ ዓመታት ሊያልፉ ይችላሉ። ሠራተኛው በኋላ ከክሱ ነጻ ቢባልም ያመለጠው መደብ በራሱ አይመለስለትም።

አስቀድሞ ሊታወቅ የሚገባው ሠራተኛው የሚተዳደርበት ሕግ ነው። በደጀን ወረዳ አስተዳደር ሥር ባሉ ጽሕፈት ቤቶች የሚሠሩ ሠራተኞች የሚተዳደሩት በአማራ ክልል የመንግሥት ሠራተኞች አዋጅና እሱን ተከትለው በወጡ ደንቦችና መመሪያዎች ነው። የፌዴራሉ አዋጅ የሚመለከተው በፌዴራል መሥሪያ ቤቶች የተቀጠሩትን ሲሆን፣ የሥራ ቦታቸው ደጀን መሆኑ ይህን አይለውጠውም። የመንግሥት የልማት ድርጅቶች ሠራተኞች ደግሞ በአሠሪና ሠራተኛ ጉዳይ አዋጅ ቁጥር 1156/2011 ይዳኛሉ። የማይመለከተውን ሕግ የጠቀሰ አቤቱታ ፍሬ ነገሩ ሳይታይ ውድቅ ለመደረግ የተመቸ ነው።

ክስ ቅጣት አይደለም። በአዋጅ ቁጥር 515/1999 የተዘረዘሩት የዲሲፕሊን ቅጣቶች ከቃል ማስጠንቀቂያ ጀምሮ የጽሑፍ ማስጠንቀቂያን፣ የደመወዝ መቀጮንና ከደረጃ ዝቅ ማድረግን ይዘው እስከ ስንብት ይደርሳሉ፤ «ከዕድገት ውድድር ማገድ» የሚባል ቅጣት በዝርዝሩ ውስጥ አልነበረም። ይህ አዋጅ በኋላ በአዋጅ ቁጥር 1064/2010 ሲተካም ቅጣቶችን ቀላልና ከባድ ብሎ መክፈሉ ቀጥሏል። ስለዚህ አንድ የሥራ ኃላፊ «ክስ አለበት» በማለት ብቻ ሠራተኛውን ከተወዳዳሪዎች ዝርዝር ቢያወጣ፣ ኮሚቴው ሳይመረምርና የሠራተኛው መልስ ሳይሰማ ቅጣት የመጣል ያህል ነው። የዕድገት መመሪያው ስለተከሰሰ ሠራተኛ የተለየ ድንጋጌ አለው ከተባለ፣ አንቀጹ ተጠቅሶ በጽሑፍ እንዲገለጽለት መጠየቅ ይገባል።

ከሥራ መታገድም ቢሆን ከመቀጣት የተለየ ነው። እገዳ የሚጣለው ሠራተኛው ማስረጃ ሊያጠፋ ወይም በመሥሪያ ቤቱ ንብረት ላይ ተጨማሪ ጥፋት ሊፈጽም ይችላል ተብሎ ሲገመት እና በመሳሰሉት ምክንያቶች ነው። በ1999 በወጣው አዋጅ እገዳው ከሁለት ወር መብለጥ እንደሌለበት፣ ምክንያቱና ጊዜው በጽሑፍ መገለጽ እንዳለበት፣ ሠራተኛው ከሥራ ካልተሰናበተም የተያዘበት ደመወዝ ያለ ወለድ እንደሚከፈለው ተደንግጎ ነበር። ከዚህ ርዕስ ጋር ይበልጥ የሚገናኘው ግን በዚያው አንቀጽ የሰፈረው ሌላ ድንጋጌ ነው፦ እገዳው ከእገዳው ጋር ግንኙነት የሌላቸውን ሌሎች መብቶችና ግዴታዎች አያስቀርም።

ውሳኔ ከተሰጠ በኋላ ሁኔታው ይለወጣል። በዕድገት ውድድር ከሥራ አፈጻጸም፣ ከትምህርትና ከሥራ ልምድ ጋር የማኅደር ጥራት ነጥብ ሊያዝለት ስለሚችል፣ በግል ማኅደር የተያዘ ቅጣት የተወዳዳሪውን ውጤት ይቀንሳል። ሆኖም ቅጣቱ ለዘለዓለም በሪከርድነት አይጠቀስም፤ በአዋጅ ቁጥር 515/1999 ጊዜው ለቀላል ቅጣት ሁለት ዓመት፣ ለከባድ አምስት ዓመት ነበር። ከደረጃ ዝቅ እንዲል የተቀጣ ሠራተኛም የቅጣት ጊዜውን ሲጨርስ ተመሳሳይ ክፍት መደብ ካለ ያለ ዕድገት ውድድር ይመደባል፤ ከሌለም መደቡ በተገኘ ጊዜ። ይህን የማያውቁ ሠራተኞች ወደ ቀድሞ ደረጃቸው ለመመለስ እንደ አዲስ ሲወዳደሩ ይታያሉ።

ጉዳዩ በወንጀልም ከተከሰሰ፣ የዲሲፕሊን እርምጃ የፍርድ ቤቱን ክርክር ወይም ውሳኔ ሳይጠብቅ ሊወሰድ ይችላል። በወንጀል ነጻ መባል ብቻውን የዲሲፕሊን ውሳኔን አይሽርም።

የዕድገት ማስታወቂያ ሲወጣ የተከሰሰው ሠራተኛ በቀነ ገደቡ ውስጥ መመዝገብ አለበት፤ «አይፈቀድልህም» የሚል የቃል መልስ ሰምቶ መቅረት የለበትም። ያልተመዘገበ ሰው ከውድድር መገለሉን ለማስረዳት ይቸገራል። ምዝገባ ከተከለከለ ማመልከቻውን በመዝገብ ቤት ገቢ አድርጎ ቁጥርና ቀን ያለበትን ቅጂ ይያዝ። ምደባንና የደረጃ ዕድገትን የሚመለከት ቅሬታ በቅድሚያ የሚቀርበው ለመሥሪያ ቤቱ ቅሬታ ሰሚ ኮሚቴ ሲሆን፣ በከባድ የዲሲፕሊን ቅጣት ላይ የሚነሣ ይግባኝ ደግሞ ለአስተዳደር ፍርድ ቤት ይቀርባል። ሁለቱም በጊዜ ገደብ የታጠሩ ናቸው። የደጀን ወረዳ ሠራተኛ ወደ ደብረ ማርቆስ ወይም ወደ ባሕር ዳር ከመጓዙ በፊት የውሳኔውን ግልባጭና የደረሰበትን ቀን የሚያሳይ ማስረጃ መያዙን ያረጋግጥ፤ የይግባኙ ጊዜ የሚታሰበው ውሳኔው ለሠራተኛው በደረሰበት ቀን መነሻነት ነው።